ሦስተኛው አንጓ

«አቁሙ! አሁንም ሳተችው!»

ሳይረን ማይኩን ወደ ታች አውርዳ ጣሪያ ጣሪያውን አየች። ጊታሩ ቆመ። ቤዝ ጊታሩም እንደ ልማዱ ከሁሉም ኋላ ቆመ። ትንሿ የድራም ዱላዎቹን ጭኗ ላይ አስቀምጣ ላብ ያራሰውን መዳፏን በዩኒፎርም ሱሪዋ ጠረገች።

ስትስት ይህ ለአራተኛ ጊዜ ነው። የዘፈኑን የመጀመሪያ ሁለት አንጓዎች አንድም ሳታዛንፍ ትጨርሳለች፤ አዝማቹ ላይማ የሚለማመዱበት የስፖርት ዕቃ ክፍል ግድግዳ ላይ የተሰቀሉት መረቦች እስኪወዛወዙ ድረስ ትመታዋለች። ሦስተኛው አንጓ ሲጀምር ግን እጇ አልታዘዝ ይላታል። ወይ ይቀድማል፣ ወይ ይዘገያል።

«ዛሬ ሐሙስ ነው» አለች ሳይረን። ይህ ቅጽል ስም የወጣላት አንደኛ ክፍል እያለች ነው፤ ስትስቅም ስትናደድም ድምጿ ሦስት ክፍል አልፎ ይሰማል። «የወላጆች ቀን ቅዳሜ ነው። ሐሙስ፣ ዓርብ፣ ቅዳሜ። በጣት ልቁጠርልሽ?»

«ከበሮ በሰው እጅ ያምር፣ ሲይዙት ያደናግር» አለች ትንሿ። «ነይ፣ ያዢውና እንይሽ።»

ሌላ ቀን ቢሆን ይስቁ ነበር። ዛሬ ማንም አልሳቀም። ቤዝ ጊታር የሚጫወተውና ዝምታ የሚሉት ልጅ እንኳ፣ በቀን ሦስት ቃል ቢናገር ብዙ የሆነው ልጅ፣ «ቆይ፣ ምን ሆነሽ ነው?» አለ። አራት ቃል መሆኑ ነው።

«ምንም አልሆንኩም። አንጓው ይረዝማል። እናውጣው።»

«ምን?» አለ ጊታሪስቱ ሽቦ። ቀጭን ስለሆነ ነው ሽቦ የተባለው፤ ግን ሲከራከርም እንደ ሽቦ ነው፣ ቢያጥፉት ተመልሶ ይቆማል። «ሦስተኛውን? መምህሩ የወደዱት እሱን እኮ ነው!»

እውነቱን ነው። ዘፈኑን የጻፈው ሽቦ ነው። «ገና አለን» ይባላል፤ ቤት ስለሌላቸው ወጣቶች የሚያወራ ሮክ ነው። አዝማቹ እንዲህ ይላል፦

«ጣሪያችን ሰማይ ነው፣ አልጋችን ጎዳና፣
እናንተ ስታልፉ፣ እኛ አለን ገና!»

የሙዚቃ መምህሩ መጀመሪያ ሲሰሙት መነጽራቸውን አውልቀው፣ «ጥሩ ነው» አሉ፤ እሳቸው ጥሩ ነው ካሉ «ግን» ይከተላል። «ግን ስለ ሁሉም ሰው የሚዘፍን ዘፈን ስለ ማንም አይዘፍንም። አንድ ሰው አምጡልኝ። ፊት ያለው ሰው።» ሽቦ ቤቱ ሄደ፣ በማግስቱም ሰውየውን ይዞ መጣ፦

«አንዲት ብሎን ረስቶ ሳያጠብቅ ቀረ፣
በአንዲት ብሎን ሰበብ ከቤት ተባረረ፤
ጫማውን ተንተርሶ ሰው በር ላይ አደረ፣
ነገ እገባለሁ ሲል ወራት ተቆጠረ።»

መምህሩ አጨበጨቡ። ሳይረን ዓይኗ እንባ አቀረረ። ትንሿ ግን ድራሙ ኋላ ተቀምጣ አላጨበጨበችም፤ ምክንያቱም ፊት ያለው ሰው ወንድሟ ነበር።

*

ትንሿ የሚለው ስም የመጣው ከአባቷ ሱቅ ነው። አባቷ ጎሚስታ ነው፤ የተበሳ ጎማ ይለጥፋል፣ ያረጀውን ይቀይራል፣ የጎደለውን ይነፋል። ደንበኞቹ ልጆቹን «ትልቁ» እና «ትንሿ» ይሏቸው ነበር፤ ስሙም ትምህርት ቤት ድረስ ተከተላት። ትልቁ ከቤት ከወጣ ስምንት ወር ሆኖታል። እሷ ግን አሁንም ትንሿ ናት፤ ከማን እንደምታንስ የሚጠይቅ ሰው የለም እንጂ።

ለጎረቤት የሚነገረው ሌላ ነው። እናቷ የሆስፒታል ልብስ ማጠቢያ ክፍል ሠራተኛ ናት፤ ሰው ስለ ትልቁ ሲጠይቃት ፈገግ ብላ፣ «እህቴ ጋ ሄዶ ሙያ እየተማረ ነው» ትላለች። ከዚያ ቤት ገብታ የእሱን ሸሚዝ አጥባና ተኩሳ በፌስታል ታደርግና፣ በየሳምንቱ ለትንሿ ትሰጣታለች። ትንሿ ፌስታሉን ይዛ አውቶቡስ መናኸሪያ ትሄዳለች። አባቷ ፌስታሉን ያያል፤ ምን እንደሆነ አይጠይቅም።

ይህን ሁሉ በዓለም ላይ የነገረችው ለአንድ ሰው ብቻ ነው፤ ከሁለተኛ ክፍል ጀምሮ አንድ ወንበር ላይ ለተቀመጠው ለሽቦ። እሱም እንዲህ አድርጎ ዘፈነው።

ልምምዱ ተበትኖ ሁለቱ ብቻ ሲቀሩ፣ ሽቦ የጊታሩን ገመድ እየጠቀለለ፣ «ስሙን አልጠራሁም» አለ። «ማን ያውቃል? ማንም አያውቅም።»

«አባባ ይመጣል።»

«አባትሽ? ለትምህርት ቤት ዝግጅት?»

«ሱቁ በር ላይ ‹ቅዳሜ ከሰዓት ዝግ ነው› የሚል ወረቀት ለጥፏል። ሱቁን ሲዘጋ አይቼው አላውቅም። ታሞ እንኳ ዘግቶ አያውቅም! ልጄ ድራም ልትመታ ነው ብሎ ነው፣ ገባህ? እና እሱ የመጀመሪያው ወንበር ላይ ተቀምጦ እያለ፣ ሳይረን በዚያ ድምጿ በአንዲት ብሎን ሰበብ ልጁን እንዳባረረ ትነግረዋለች።»

ሽቦ ገመዱን መጠቅለል አቆመ። ግን ሽቦ ሽቦ ነው።

«ታዲያ ይስማ» አለ ቀስ ብሎ። «ትልቁን እኮ እኔም እወደዋለሁ። ብስክሌት ያስተማረኝ እሱ ነው። አንድ ሰው ለአባትሽ መናገር አለበት። እናንተ ካልነገራችሁት ዘፈኑ ይንገረው።»

«ለዘፈን ብዬ አልነገርኩህም!»

«አውቃለሁ። ይቅርታ፣ መጠየቅ ነበረብኝ። ግን አንድ ነገር ልጠይቅሽ፤ ምኑ ነው ውሸት? አንድ መስመር አሳዪኝና አወጣዋለሁ። አሁኑኑ።»

የመጀመሪያውን መስመር ልታሳየው ትችል ነበር። ጣቷን ወረቀቱ ላይ አድርጋ፣ «ይቺ» ልትለው ትችል ነበር። አንጀቷ እርር አለ፤ በእሱ አይደለም፣ በራሷ።

«ተወው» አለችና ቦርሳዋን አንስታ ወጣች።

*

በጎማ ቤቱ አንድ ሕግ አለ። ጎማ ሲገጠም መኪናው በክሪክ ተነስቶ ስለሚንጠለጠል ብሎኖቹ መጀመሪያ የሚታሰሩት በግማሽ ነው። ክሪኩ ወርዶ ጎማው መሬት ሲነካ ሌላ ሰው በረጅሙ የብሎን ቁልፍ አንድ በአንድ እንደገና ያጠብቃቸዋል። ሲጨርስ ጎማው ላይ በጠመኔ መስመር ያሰምራል። አባቷ የጠመኔውን መስመር ሳያይ መኪና አይለቅም። እሱንም አይቶ ደግሞ፣ «ፈተሽሽ?» ይላል። መልሱ «ፈተሽኩ» ነው። ከዚያ በኋላ ብቻ ሹፌሩ የመኪናውን ቁልፍ ይቀበላል።

ከስምንት ወር በፊት አንድ ከሰዓት፣ ትልቁ የአንድ ሚኒባስ የፊት ጎማ ገጥሞ፣ ክሪኩን አውርዶ፣ ቁልፉንና ጠመኔውን ለትንሿ ሰጣት። ሽቦ በር ላይ ቆሞ ነበር። የባንዱ የመጀመሪያ ልምምድ ቀን ነበር፤ ድራም ለመሞከር ከእሷ ሌላ ሁለት ልጆች ተመዝግበዋል፤ ሽቦ «ቶሎ በይ፣ ይጀምራሉ!» ይላል። አባቷ ከኋላ የሌላ መኪና ጎማ እየነፋ ነው።

ትንሿ በጠመኔው ጎማው ላይ አሰመረች። ቁልፉን አልነካችውም።

«ፈተሽሽ?»

«ፈተሽኩ!» ብላ ሮጠች።

ሚኒባሱ ብዙም ሳይርቅ ጎማው ወልቆ ቦይ ውስጥ ገባ። የሞተ ሰው የለም። ረዳቱ ግን እግሩ ተሰበረ፤ እስከ ዛሬ እያነከሰ ነው የሚሠራው። ትንሿ የድራሙን ቦታ አግኝታ እየዘለለች ስትመለስ ሱቁ በሰው ተሞልቶ አገኘች። አባቷ ፊቱ አመድ መስሏል።

«ክሪኩ ከወረደ በኋላ ማነው ያጠበቀው?»

ትልቁ አንድ ጊዜ ቀና ብሎ እሷን አያት። ከዚያ፣ «እኔ ነኝ። እሷ ፈተሽኩ ያለችው እኔ ብያት ነው» አለ።

ያኔ ዝም ያለችው ለአንድ ደቂቃ ብቻ ነበር፤ አባቷ ሲበርድለት እናገራለሁ ብላ። አባቷ ግን አልበረደለትም። «ከዓይኔ ጥፋ!» አለ፤ ልጁም ጠፋ። ሰው በንዴት የሚለው ነገር ነው፣ ማታ ይመለሳል ብለው ሁሉም አሰቡ። አልተመለሰም። አባት፣ «እግር አለው፣ ይምጣ» አለ። ልጅ፣ «አፍ አለው፣ ይጥራኝ» አለ። «ካፈርኩ አይመልሰኝ» በዚያ ቤት በዘር የሚተላለፍ ነገር ነው። አንዷ ደቂቃ አንድ ሳምንት ሆነች፣ ሳምንቱ ወር ሆነ። እውነትና ንጋት እያደር ይጠራል ይባላል፤ የእሷ እውነት ግን እያደረ ደፈረሰባት።

ከዚያ ቀን ጀምሮ አባቷ ሁለት ጊዜ ነው የሚጠይቀው። «ፈተሽሽ?» ይላል። ጥቂት ቆይቶ ደግሞ፣ «እርግጠኛ ነሽ፣ ፈተሽሽ?» የትልቁ ቱታ ሚስማሩ ላይ እንደተሰቀለ ነው፤ አቧራ ጠጥቷል፣ የሚነካው ግን የለም።

*

መናኸሪያው ጫፍ ላይ ጎማ የሌለው አሮጌ አውቶቡስ በድንጋይ ተደግፎ ቆሟል። ትልቁና ሦስት ጓደኞቹ የሚያድሩት እዚያ ነው። ቀን ቀን ሚኒባስ ያጥባሉ፣ ዕቃ ይሸከማሉ። ትልቁ ደግሞ ማንም ሳይጠይቀው የብሎን ቁልፍ ይዞ በቆሙት ሚኒባሶች መሀል ይዞራል፤ ጎንበስ ብሎ ብሎን በብሎን ያጠብቃል። ሹፌሮቹ «ፈታሹ» ይሉታል።

ትንሿ ስትደርስ በአንድ ቀይ ሚኒባስ ጎማ ሥር ተንበርክኮ ነበር። ፌስታሉን ተቀብሎ ሸሚዙን አሸተተ።

«የእማማ ሳሙና» አለ። ከዚያ ፊቷን አይቶ፣ «ምን ሆነሻል? ሎሚ የመጠጠ ሰው መስለሻል።»

«ዘፈን ልታዳምጥልኝ ነው። ብቻ አትሳቅ።»

አውቶቡሱ ደረጃ ላይ አንዲት ልጅ ተቀምጣለች። ሙቀትም ሆነ ብርድ የማታወልቀው ከእሷ ቁመት የሚበልጥ ካፖርት ስላላት ካፖርት ነው የሚሏት። ዕድሜዋ ከትንሿ ቢበልጥ በአንድ ዓመት ነው።

«ዘፈን ካለ እኔም አለሁበት» አለች። «ስለ ምንድነው?»

«ስለ... እናንተ።»

«ስለ እኛ!» ካፖርት ተመቻችታ ተቀመጠች። «በይ እስኪ፣ ስለ እኛ ንገሪን።»

ትንሿ የአውቶቡሱን ቆርቆሮ በመዳፏ እየመታች አዝማቹን ዘፈነች። ድምጿ እንደ ሳይረን አይደለም፤ ግን ምቱ ነበር። ስትጨርስ ካፖርት ጭንቅላቷን አከከች።

«‹ጣሪያችን ሰማይ ነው›? ጣሪያማ አለን፣ ያውልሽ። ያፈሳል እንጂ። ‹ጣሪያችን ያፈሳል› በሉት።»

«እሺ፣ እሱ... አባባል ነው።»

«ገባኝ፣ አባባል ነው። ከዛስ?»

ትንሿ ሦስተኛውን አንጓ ጀመረች። «ሰው በር ላይ አደረ» ስትል ካፖርት እጇን አነሳች።

«ሰው በር ላይ ማን አደረ? ሰው በር ላይ ዘበኛ አለ፣ ውሻ አለ! ይሄን የጻፈው ልጅ አንድ ቀን እንኳ መጥቶ አይቶናል?»

«አላያችሁም።»

«ታዲያ ቢጠይቀን ምን ነበረበት? አንበላው!» ሳቀች፤ ሳቋ ግን አጭር ነበር። «ዝግጅቱ መቼ ነው? እንምጣ?»

ትንሿ ጆሮዋ ጋለ። «በመጥሪያ ካርድ ነው የሚገባው። ለወላጆች...»

«አሃ» አለች ካፖርት። «ስለ እኛ ይዘፈናል፣ እኛ አንገባም። አሪፍ ነው አቦ። በጣም አሪፍ ዘፈን ነው።»

ትንሿ መሬት ተሰንጥቃ ብትውጣት በወደደች። ከቦርሳዋ አንድ ካርድ አወጣች፤ ለእያንዳንዱ ተማሪ ሁለት ሁለት ተሰጥቷል፣ እናቷ ግን ቅዳሜ ተረኛ ናት። ለወንድሟ ዘረጋችለት። እሱ ራሱን ነቅንቆ እንቢ አለ።

«አባባ ካለ አልመጣም።»

ካፖርት ካርዱን ከአየር ላይ ቀልባ ከብዙ ኪሶቿ በአንዱ ከተተችው። «እኔ እመጣለሁ» አለች። «ስህተታችሁን እየቆጠርኩ እቀመጣለሁ።» ተነስታ እጆቿን ኪሷ ውስጥ አድርጋ ሄደች።

ወንድምና እህት ብቻቸውን ቀሩ። ትልቁ ቁልፉን በጨርቅ እየጠረገ ነበር።

«ብሎኗን የረሳሁት እኔ ሆኜ ገባሁ ማለት ነው» አለ። «ዘፈን ውስጥ።»

«አንተ እንዳልሆንክ ታውቃለህ።»

በስምንት ወር ውስጥ በመካከላቸው ሲባል ይህ የመጀመሪያው ነው። ትልቁ መጥረጉን አላቆመም።

«ቁልፉን እጅሽ ላይ የሰጠሁሽ እኔ ነኝ። እንዴት አላውቅም?»

«ታዲያ ለምን ዝም አልክ!» ድምጿ ካሰበችው በላይ ወጣ፤ አንድ ረዳት ዞር ብሎ አያቸው። «ለምን አልተናገርክብኝም? ለምንድነው ሁልጊዜ ጥሩ ሰው የምትሆነው? በየሳምንቱ እየመጣሁ፣ አንተ እየሳቅክ፣ ‹ትምህርት እንዴት ነው› እያልክ... አንድ ቀን እንኳ ብትቆጣኝ ምን ነበረበት?»

«ተቆጥቻለሁ እኮ» አለ ትልቁ። «መጀመሪያ አካባቢ በጣም። አንድ ቀን መጥተሽ አውቶቡሱ ውስጥ ተደብቄ የለም አስብዬ መልሼሻለሁ። አስታወስሽ?»

አስታወሰች። ፌስታሉን ለካፖርት ሰጥታ ነበር የተመለሰችው።

«ከዚያ ለቀቀኝ» አለ። «ደግሞ እኔን ያስወጣኝ ብሎን አይደለም። ‹እኔ ነኝ› ስል አባባ ምን አለ? አልሰማሽም፣ ከኋላ ነበርሽ። ‹ድሮስ ካንተ ምን ይጠበቃል› አለኝ። እውነት አንተ ነህ ወይ ብሎ እንኳ አላጣራም፤ እኔ ብሆን አልገረመውም። እሱ ነው ያስወጣኝ። ይሄ በዘፈን አይገባም፣ ይረዝማል።»

«ብነግረው ይጠራሃል።»

«ይጠራኝ ይሆናል። አይጠራኝም ይሆናል። እሱን አላውቅም።» ትልቁ ቁልፉን ትከሻው ላይ ጣለ። «ለእኔ ብለሽ ከሆነ አትንገሪው። እኔ መናገር ብፈልግ አፍ አለኝ። አንቺ ከደከመሽ ግን ንገሪው።»

«ደክሞኛል» አለች ትንሿ። ስትለው ነው ምን ያህል እንደደከማት የገባት።

እሱ አናቷን በተቀባ እጁ ዳበስ አድርጎ ፀጉሯን በግራሶ ለቀለቃትና ወደሚቀጥለው ሚኒባስ ሄደ።

*

ዓርብ በምሳ ሰዓት ትንሿ ሽቦን የስፖርት ዕቃ ክፍሉ በር ላይ ያዘችው።

«መስመሩን አሳዪኝ ብለኸኝ ነበር» አለች። «ውሸቱ የመጀመሪያው ነው። ብሎኗን የረሳው እሱ አይደለም።»

ሽቦ ፊቷን አየ። ከዚያ ቀስ በቀስ ገባው፤ ያን ቀን በር ላይ ቆሞ «ቶሎ በይ» ሲል የነበረው እሱ ነው። ቀጭኑ ፊቱ ይበልጥ ቀጠነ።

«እኔ እኮ ነኝ ያጣደፍኩሽ።»

«አንተ አጣደፍከኝ፤ የዋሸሁት ግን እኔ ነኝ። አሁን ስማኝ። አዲስ መስመር አለኝ። ግን ቅዳሜ ጠዋት ነው የምሰጥህ። አባባ ከሳይረን አፍ አይሰማውም። ከእኔ ካልሰማ አንጓው የለም፤ በሁለት አንጓ እንጫወታለን።»

«መምህሩስ?»

«መምህሩ ‹ፊት ያለው ሰው አምጡልኝ› ብለዋል። እያመጣሁ ነው።» ልትሄድ ዞራ ተመለሰች። «‹ሰው በር ላይ› የሚለውንም ቀይረው። አውቶቡስ ውስጥ ነው የሚያድሩት። ነገ ካፖርት የለበሰች ልጅ ልትቆጥርብህ ትመጣለች።»

*

ከሰዓት በኋላ ሱቁ በር ላይ አንዲት ነጭ ፒካፕ ነበረች። አባቷ የኋላ ጎማዋን ገጥሞ ክሪኩን እያወረደ ነው። የአየር መንፊያው ኮምፕሬሰር ጥግ ላይ እየተንቀጠቀጠ ይጮሃል። ሹፌሩ ከውጭ፣ ጥላ ሥር፣ ስልክ ያወራል።

«መጣሽ?» አለ አባቷ። ጠመኔውን ከጆሮው ላይ አንስቶ ከቁልፉ ጋር ሰጣት። «ቶሎ በይ፣ ሰውየው ይቸኩላል። ነገ ሸሚዜን ማን እንደሚተኩስልኝ እንጃ። እናትሽ ዛሬም ተረኛ ናት።»

«እኔ እተኩስልሃለሁ።»

«አንቺ? ታቃጥይዋለሽ» አለና ፈገግ አለ። ከጠዋት ጀምሮ እንዲህ ነው፤ ደስታው ያቅበጠብጠዋል። ይህ ነው ይበልጥ ያስቸገራት። ተቆጥቶ ቢሆን ይቀላት ነበር።

ተንበረከከች። የመጀመሪያውን ብሎን አጠበቀች፣ ሁለተኛውን፣ ሦስተኛውን። አምስት ነበሩ። አምስተኛውን ስትጨርስ ወደ መጀመሪያው ተመለሰች፤ ሁሉንም እንደገና ዞረቻቸው። ላቧ አፍንጫዋ ላይ ተንጠባጠበ። ዕዳዋ በብሎን ቢከፈል ኖሮ ስምንት ወር ሙሉ ባጠበቀችው ድሮ ተከፍሎ ያልቅ ነበር።

ኪሷ ውስጥ የታጠፈ ወረቀት አለ። ትናንት ማታ ነው የጻፈችው። ግጥም አትችልም፤ ግን ምቱን ታውቃለች፦

«በእህቱ ጠመኔ ብሎን ላልቶ ቀረ፣
በእሷ ጥፋት እሱ ከቤት ተባረረ።»

ጠመኔውን ጎማው ላይ አስጠጋችው። እጇ ቆመ። ቀና ስትል ሚስማሩ ላይ ያለውን ቱታ አየች፤ ከቱታው ሥር አባቷ እጁን በጨርቅ እየጠረገ ቆሟል።

«ፈተሽሽ?»

«የዛሬውን ፈትሻለሁ» አለች። «የዚያን ቀኑን ግን አልፈተሽኩም።»

ቃሏን የኮምፕሬሰሩ ጩኸት ዋጠው። አባቷ ጆሮውን አዘንብሎ፣ «ምን አልሽ?» አለ።

እዚህ ላይ ማምለጥ ትችል ነበር። «ፈተሽኩ አልኩህ» ማለት ብቻ ነው። በጠመኔው ታሰምራለች፣ ሰውየው የመኪናውን ቁልፍ ይቀበላል፣ ነገ በሁለት አንጓ ይጫወታሉ፣ አባቷ ያጨበጭባል። የገዛ ኮምፕሬሰራቸው ሁለተኛ ዕድል እየሰጣት ነው፤ አንድ ጊዜ ሞክሬያለሁ፣ አልሰማኝም ብትል ማን ይወቅሳታል? ተናደደች። የሚጮኸውን ማሽን ልትረግጠው ቃጣት። ስምንት ወር ጠብቃ አንድ ጊዜ ብትናገር፣ እሱም አይሰማ!

ተነስታ ሄዳ ማጥፊያውን ጫነችው። ኮምፕሬሰሩ ጥቂት አጓርቶ ዝም አለ። ሱቁ እንዲህ ጸጥ ብሎ አያውቅም፤ ሹፌሩ ከውጭ በስልክ «መጣሁ፣ መጣሁ» ሲል ይሰማል።

«ለምን አጠፋሽው?» አለ አባቷ። «አየሩ ገና አልሞላም እኮ።»

ትንሿ ያላሰመረችበትን ጠመኔ በመዳፉ ላይ አስቀመጠችለት። ምቱን የያዘችው መሰላት።

«እንድትሰማኝ ነው፣ አባባ» አለች፣ ከመጀመሪያውም ጀመረችለት።